የተቆረጠው መስመር

«ሁለት መቶ ሰባት ሰው ገድያለሁ» አለኝ፣
ጥፍሩን ስቆርጥለት፣ ቀና ብሎ እያየኝ።
«ሠላሳውን በገመድ፣ አርባውን በመርዝ፣
አንዱን በሠርጉ ዕለት፣ በአማቱ ምርኩዝ።»

ለሥራው አዲስ ነኝ፣ ሳምንትም አልሞላሁ፤
መቁረጫውን አጥፌ ወደ በሩ አየሁ።

ያኔ ሳቀ ካሮ። ሳቁ ሳል ይመስላል።
«ከአልጋው ሥር ካርቶን አለ፣ ጎትተው» ይላል።
ሰማንያ ሦስት ድርሰት፣ ሰማንያ ሦስት ፊልም፤
አንዱም ላይ ግን «ኤርቪን» የሚል ስም የለም።

ናሃሪያ ነን፣ የአረጋውያን ቤት፣ ሁለተኛ ፎቅ፤
ጋዓቶን ዳር ባህር ዛፉ ቅርፊቱን ሲያወልቅ
በመስኮት ይታያል።
በዕብራይስጥ አንቱ የለም፣ አንተ እለዋለሁ፤
በአማርኛ ግን፣ በሆዴ፣ ጎንበስ እላለሁ።

ለንደን በጭጋግ ሲታፈን ስሙ ሄንሪ ዎልኮት፤
ተራራ ላይ ላም ጠባቂ ሲያፈቅር፣ ዜፕ ሆልትሃመር ይሉት፤
ዩጎዝላቪያ ወርዶ፣ ፈረስ ተከራይቶ፣
«ቴክሳስ» ብሎ ሲጽፍ ጆ ፍሊን ነው፣ ባርኔጣውን ደፍቶ።
ለንደንን አላየም። ቴክሳስን አላየ።
ተራራውም ቢሆን፣ ከግርጌው ቢራ ቤት የቆየ።

በሠላሳ ስምንት በመርከብ አመለጠ፤
በሃምሳ አራት ደግሞ ተመልሶ ሙኒክ ተቀመጠ።
«እንዴት አስቻለህ?» አልኩት።
«ቀልድ የማውቀው በጀርመንኛ ብቻ ነበራ!
አሥር ቀን ይሰጡኛል፤ ዘጠኙ ሲያልቅ በፉከራ፣
በመጨረሻው ሌሊት፣ ጣቢያው ፊት ለፊት፣ ያለ እራት
እጽፋለሁ። ገዳዩን ግን ገና አልመረጥኩት።»

«ታዲያ ማን ይሆናል?»

«ያው ነው ሁልጊዜ፤ ሰፈሩ የሚወደው።
ሐኪሙ። የደብሩን መዝሙር የሚመራው።
ጓንቱን ሳያወልቅ ጽጌረዳ የሚያጠጣው።»

ሕዝቡም ትኬት ቆርጦ ጨለማው ውስጥ ይገባል፣
እየፈራ፣ እየሳቀ፣ ኦቾሎኒ ይፈለፍላል፤
መብራት ሲበራ ግን፣ ካፖርቱን ሲደርብ፣
ጎኑ የተቀመጠውን ሐኪም ማን ያስብ?

ካሮም አልጠየቀም። ከካሜራው ኋላ፣
ከመብራቱ ሥር ቆሞ ቋሊማ የሚበላ
አንዱንም «በዚያ ዘመን የት ነበርክ?» አላለም።
ክፍያው በሰዓቱ ነው፤ ሌላ ነገር የለም።

ጀርመንኛ አላውቅም። ቀይ እርሳስ ግን አውቃለሁ።
ካርቶኑን ፈትቼ አንድ በአንድ አያለሁ፤
በእያንዳንዱ ጥራዝ፣ መሐል ላይ ሲደርሱ፣
ያው አጭር መስመር ነው፣ ያው ቀይ ነው እርሳሱ።

«ይኼስ?»
ዝም አለ። ከታች የዳክዬ ክንፍ ውሃ ሲመታ ተሰማ፣
ከጎረቤት ክፍል የሬዲዮ ዜማ።

«ባለ አረንጓዴ ሻንጣ ሴት ከባቡር ትወርዳለች።
‹ዘገየሁ እንዴ?› ብላ ዘበኛውን ትጠይቃለች።
‹አልዘገየሽም› ይላታል። ወጥታ ትሄዳለች።
ግድያ አታይም፤ ምስክርም አይደለች።
ሁልጊዜ ሐሙስ ነው።
ዳይሬክተሩ ‹ምን ትሠራለች?› ይላል፣ ‹ወጪ ናት፣ ትውጣ።›
አወጣት። በሚቀጥለው ድርሰት እንደገና ትመጣ!»

«ስም አላት?»
«በድርሰቱ ‹ተሳፋሪ› ነው የምትባል።
በቤት ግን…» ጥፍሩን አየ። አልጨረሰም ቃል።

አባቴ ጎንደር ሳለ፣ ከደብተራ ጎረቤቱ ሰምቶ፣
«ወርቁ ሰሙ ሥር ነው» ይለኝ ነበር ጣቱን አንሥቶ።
እዚህ ግን ሰሙን በትኬት ቸረቸሩት፤
ወርቁን ከመቁረጫው ክፍል ወለል ጠርገው ጣሉት።
እኔም ገዳሪፍ ላይ የቀረ ሰው አለኝ።
ይህን አልነገርኩትም።

አንድ ሌሊት፣ ሰባት ሰዓት አልፎ፣ ቴሌቪዥኑ ላይ
ጥቁርና ነጭ ጣቢያ መጣ፣ ጭጋግ የሞላው ሰማይ።
«የኔ ነው» አለ፣ ከትራሱ ተነሥቶ።
ባቡር ገባ። በሩ ተከፈተ። እንፋሎት ወጣ ተንሥቶ።
ሰው አልወረደም።
በሩ ተዘጋ፤ ባቡሩም ሄደ።

«አልዘገየሽም» አልኩ፣ በአማርኛ፣ ለበሩ።

«ምን አልክ?» አለኝ።
«ጥፍርህ አድጓል» አልኩት።