የቁራ መልእክተኛ

ቤተልሔም ስልህ፣ የድጓዋ አትምሰልህ፤
ፔንሲልቬንያ ያለችው ናት እኔ የማወጋህ።
ብረት ስታቀልጥ ኖራ፣ እሳቷ ሲበርድ፣
ወንዝ ዳር ቆማ ቀርታለች፣ ዝገቷ ላይ በረዶ ሲወርድ።

ላቪንያ ክሌክነርን ያወቅኳት በጀርባዬ፤
ሳጥን አሸከመችኝ፣ «ቀስ በል እንጂ ጌታዬ!»
ቅርጹ የሬሳ ሳጥን፣ ክብደቱ ግን የወፍ፤
«ፒያኖ ነው?» ብላት፣ ፊቷ ጠቆረ እንደ ሐምሌ ደጃፍ።
«ፒያኖ አያቱን አያውቅም፤ ይኼ ነው አያቱ።
ሃርፕሲኮርድ በለው። መዶሻ የለውም፤ ላባ ነው ጣቱ።»

«የምን ላባ?» አልኩ።
«የቁራ።»
ሳቅኩ። ቁራ ማለት፣ ኖኅ ልኮት ጥንብ ላይ የሰፈረ፤
«የቁራ መልእክተኛ» እንላለን እኛ፣ ሄዶ በዚያው ለቀረ።
ነገርኳት። ቢላዋን አስቀምጣ፣ ላባውን በመብራት አየች፤
«መንገዱ ረጅም ሆኖበት ይሆናል» አለች።

ሙቀት ክር ያላላል ብላ ማሞቂያ ታስጠፋለች፤
አሥራ አንድ ሰው ነን፣ በካፖርት፤ አንዷ በጓንት ታጨበጭባለች።
አውራ ጣቷን ትሰበስባለች፤ የጥንቶቹ ብዙ አይነኩበትም፤
በቀሩት ተረማምዳ ታልፋለች፣ አንካሳ ግን አትመስልም።

ገጽ ልገልጥላት ቆሜ፣ ከኖታው ራስ በላይ
ጭረት፣ ጥምዝምዝ፣ የጉንዳን ሰልፍ መሳይ።
«ይኼ ድምፁን ያርገፈግፋል፤ ይኼ ደግሞ ይቆርጣል» ስትል
ርክርክ! አልኩ ጮክ ብዬ። ቁርጥ! ድፋት!
የመሪጌታ ልጅ ነኝ፣
ጾመ ድጓ ሳልጨርስ ከዜማ ቤት የኮበለልኩ፤
የኛው በቀይ ቀለም ነበር፤
አሁን በጥቁር መጥቶ ያዘኝ።

አንድ ማታ፦ «እንዲህ እንደመቱት በምን ታውቂያለሽ?
ከሞቱት ማን ተነሥቶ ልክ ነሽ አለሽ?»
«አላውቅም» አለች። አላፈረችም። መቃኛዋን አዞረች፤
ከዛሬው ድምፅ ግማሽ እርከን ዝቅ፣ እዚያው ላይ አጠበቀች።
«የማላውቀውን ነው በየቀኑ የምለማመደው።»

የካቲት ነበር። በመስኮቱ የሞቱት እቶኖች ይታያሉ።
በጨዋታው መሀል አንዲት ላባ ተሰበረች፤
«ፋ» ዝም አለች።
ሙዚቃው፣ ጥርሱ እንደወለቀ ሕፃን፣ ፈገግ ብሎ ቀጠለ፤
«ፋ» በሚመጣበት ሁሉ ዝምታ መጣ።
ከዚያ ላቪንያ ቆመች።
መነጽሯን አወረደች፣ ከኪሷ ቢላና ላባ አወጣች፤
ፊታችን ተቀምጣ ቀረጸች፣ ሞከረች፣ ደግማ ቀረጸች።
ማንም አላሳለም።
ያቺ ሴትዮ ጓንቷን አወለቀች።

አንዴ ነካቻት፦ ፋ።

የወይራ ቅጠል አልያዘም፤ ጥንብም አልሸተተም፤
ዘግይቶ ነበር እንጂ፣ እውነትም አልቀረም።

ሌሊት ሳጥኑን ተሸክሜ፣ በረዶ የጋገረውን ደረጃ ስወርድ፣
ከኋላዬ መብራት ይዛ ነበር፤
«ቀስ በል» አላለችኝም።