ሦስተኛዋ ጥርስ

ኩም-ዱ ላይ ዝናቡ አይዘንብም፤ ይኖራል፣
እንደ በጎቻችን ከካቡ ሥር ያድራል።
በዚያ ዳገት አናት፣ በዌልስ ተራራ፣
አንዲት ላንድሮቨር አለች፣ የአባቴ ባልንጀራ።
በዕድሜ ትበልጠኛለች በዐሥራ አንድ ዓመት፣
እናቴን በምጧ ሌት ያደረሰች ሐኪም ቤት።
ቀለሟ እንደ ጎመን፣ በሯ በሽቦ የታሰረ፣
ሞተሯ እሺ ባይ፣ የእጅ ፍሬኗ ግን ያኮረፈ፣ የከረረ።

ባለፈው ኅዳር ነው። ከበግ ገበያው ደጅ አቁመን፣
ኢድዋል ማንሻውን ስቦ፣ ሁለታችንም አምነን፣
ሻይ ልንጠጣ ገባን። በመስኮት አየኋት፤
ሹፌር አልባ ስትወርድ፣ ማንም ሳይጠራት፣
ቀስ ብላ፣ በሥርዓት፣ ጸሎት ቤት እንደሚሄድ ሰው፣
የፓስተሩን የጽጌረዳ አጥር ገፍታ እስክትጥሰው።

አጥሩን ከፈልን። ሰው አልተጎዳም። ፓስተሩም ሳቀ።
አባቴ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ከሰው ራቀ።
"ኢድዋል ፍሬን በጠሰ" አሉ፣ መጠጥ ቤት የሚውሉ፤
ክፉ ልብ የላቸው፣ አብረውት በግ የሸለቱ ሁሉ።
እሱ እጁን ያየዋል፣ የሚንቀጠቀጠውን፣
ጥፋቱ የማን እንደሆነ፣ የእጁ ይሁን የብረቱ፣ የማይለየውን።
ያ እጅ በውድቅት ሌሊት የጠመመ ግልገል ያዋለደ፣
በበረዶ ቁልቁለት ዐሥራ ሁለት በግ ጭኖ የወረደ።

እሑድ ጋራዥ ገባሁ። ባልዲውን ገልብጦ
ከበሩ ተሰየመ፣ እንደ ዳኛ ተቀምጦ።
"ታኮ!" አለኝ አስቀድሞ። "ገና ክሪክ አልነካሁም።"
"ታኮ ነው ያልኩሽ፣ ኔሪስ፤ ክሪክ ነው አላልኩም።
ይህ ፍሬን ጎማ አይይዝም፤ ወገቧን ነው የሚይዛት፣
አንድ የኋላ እግሯን አንሥተሽ በክሪክ ካንጠለጠልሻት፣
ያ ባየር ሲሽከረከር ሌላው መሬቱን ይለቃል፤
የአጎትሽ የኬሪግ ጎድን ይህንን ጠንቅቆ ያውቃል።"

ሁለት ታኮ ጣልኩ፣ አንድ ድንጋይም ጨመርኩ፣
ካርቶን አንጥፌ በጀርባዬ ከሥሯ ተሳብኩ።
ከካምቢዮው ኋላ ታምቡሩ፣ ትንሽ ድስት የመሰለ፣
ትራንስሚሽኑን አውርጄ ብስበው ዘይቱ አገጬ ላይ ዘለለ።
"ሸራው ምን ይመስላል?"
                    "ዘይት የጠገበ ቆዳ፤
የጎልያድ እጅ ቢስበው እንኳ አይይዝም፣ አባዬ፣ በሜዳ።"

ዝም አለ። ባልዲው ብቻ ከሥሩ ሲንቋቋ ሰማሁ፣
ከኅዳር የተሸከመውን ሲያወርድ መሰለኝ፤ አልጠየቅሁ።

የፈሰሰው ፓራዮሊው ነው፤ ቀየርኩት። ሸራም አዲስ፤
ታምቡሩን በቤንዚን አጠብኩ፣ ብርዱ ጣቴን እስኪቀምስ።
"ማስተካከያዋን አጥብቂ፣ ሸራው ታምቡሩን እስኪነክስ፤
አሁን አንድ ጠቅታ መልሺ፣ በነፃ መዞሩ እስኪመለስ።
የጠበቀ ሁሉ አይይዝም። ትዳር ስትይዢ ታዪዋለሽ፤
ትንሽ ክፍተት ካላስቀረሽ ስትሄጂ ትቃጠያለሽ።
ደግሞ እየሄድሽ አትሳቢ! መጀመሪያ በእግርሽ አቁሚያት፤
ከዚያ በኋላ ነው በእጅ 'ቆይ' ተብሎ የሚነገራት።"

ሲመሽ ከመሪው ኋላ አስቀመጥኩት። "ሳበው" አልኩት።
እጁ ተንቀጠቀጠ። የእኔን በኪሴ ደበቅሁት።

ጠቅ።
ዝናቡ ቆርቆሮው ላይ።
ጠቅ።
ቆየ። ከንፈሩን ነከሰ።
ጠቅ።
ሦስተኛዋ ጥርስ ላይ ማንሻው ደረሰ።

ታኮዎቹን አነሣሁ። ትንሽ ወደ ኋላ ተንፏቀቀች፣
ወንበር ላይ እንደምትመቻች አሮጊት፣ ከዚያ ጸጥ አለች።
ልቤ መውደቁን አይቶ "ልማዷ ነው" አለ፣
ስንት ወር ያላየሁት ፈገግታ ጢሙ ሥር እየዋለለ።

ወደ ቤት ስንገባ ግን ኢድዋል ዘወር ብሎ
አንድ ድንጋይ ከኋላ ጎማዋ ሸጎጠ፣ በእግሩ አንከባልሎ።
"ፍሬኑን አምኛለሁ" አለኝ፤ "የማላምነው ዳገቱን።"
እኔም ሄጄ በጫማዬ አጠበቅሁለት ድንጋዩን።