መቶ አሥራ ሁለት

ናሪን፣ የካቲት፤ ወንዙ ከላይ ደንድኖ ከሥር ብቻ ይፈሳል፤
የላብራቶሪው መስኮት የበረዶ ቅጠል ለብሷል።
ነጭ ጋውኔን ደርቤ የሰው ማር እመዝናለሁ፣
ዓይኔን ከሚዛኑ ሳልነቅል «ቀጣይ!» እላለሁ።

ሽማግሌው ገባ።
ካልፓኩን አወለቀ፣ ጉልበቱ ላይ ደፋው፤
ከአትባሺ እስከዚህ፣ በጭነት መኪና፣
በድንች ጆንያ መሃል ብርድ ያንዘፈዘፈው።
«ሱዩንባይ ነኝ» አለ፣ ብልቃጡን አኖረ፤
«ቤት ያለው አርባ ሊትር ነው፣ ይቺ ለናሙና።
ነጭ ማር ነው፣ የኢስፓርሴት አበባ የቀሰሙት፤
እሳት የሚባል አላየም፣ ልጄ፣
ንቦቹ እንደሠሩት።»

ሁሉም እንዲህ ይላል።
ማሬ መራራ ነው ያለ ነጋዴ የት ይገኛል?
ነጭ ያለውም ማር፣ እኔ ሳየው፣ ቡላ ይመስላል።

ስኳር ሲሞቅ ሌላ ነገር ይሆናል፤
ሦስት ሞለኪውል ውሃ ይጥላል፣
የቀረውም ታጥፎ ቀለበት ይገጥማል።
ስሙ ሃይድሮክሲሜቲልፈርፉራል፤
ተማሪ ሳለን ትንፋሽ ሰብስበን፣
ጠባብ ድልድይ እንደሚሻገር ሰው ነበር የምንለው።
በዳቦ ቅርፊት አለ፣ በደረቀ ፕሪም አለ፣
እዚያ ማንም አይከሰው።
ማር ውስጥ ሲገኝ ግን ምስክር ነው፤
ወሰኑ አርባ ነው።

ማሽኑ አጉረመረመ፤ ወረቀቱ ላይ
አንድ ቀጥ ያለ ተራራ ሣለ፤
መቶ አሥራ ሁለት አለ።

«አባባ፣ ይህ ማር ተጥዷል።»

አልተቆጣም። እጁን ገልብጦ አየ፣
የጠፋበትን መዳፉ ላይ እንደሚፈልግ ሰው ቆየ።
«አልጣድኩትም» አለ።
«ካልቢቡ ጉሮሮዋ ሲጠብ፣
ማሩ ድንጋይ ሆኖ በማንኪያ አልቆረስ ሲላት፣
ከምድጃው ጀርባ፣ ጡቡ ለብ ከሚልበት
ጣሳውን አስጠጋሁላት።
ጠዋት ጠዋት አንድ ማንኪያ።
አንድ ጠዋት ማንኪያውን ክዳኑ ላይ አስቀመጠችው፤
ነገ፣ አለች።
ከዚያ ወዲያ ጣሳው እዚያው ነው፤ ሦስተኛ በረዶው።
ማንኪያዋ ላዩ ላይ ነበረ፤
እሱን ማን ያንሳው?»

መጽሐፉ ይህን ይላል፤
እሳት በአንድ ሰዓት የሚሠራውን
ለብታ በሦስት ዓመት ይጨርሰዋል።
ማሽኔ አይለይም፤ ቁጥሩ ያው ነው፣
ለጣደም ለጠበቀም።
«በሰለ» እንል የለም እኛም፣
ለተቀቀለው፣ ዛፉ ላይ ቆይቶ ለደረሰውም?
ቅጹ ላይ ግን «ለምን?» የሚል ቦታ የለም።
ያለችው አንዲት ሣጥን ናት፣ ያልፋል ወይም አያልፍም።
አያልፍም፣ ብዬ ጻፍኩ።
ቃሉን ደግሜ አነበብኩትና
እስክሪብቶዬን ቶሎ ከደንኩ።

«እንግዲያ ለንቦቼ ልመልሰው፣ የነሱ ነበር።»
«አይሆንም፣ አባባ። ሰው ቢበላው ግድ የለም፤
ንብ ግን ሆዷ ይታመማል፣
በብርዱ መሃል ቀፎው ውስጥ ትረግፋለች።»
«በገዛ እጇ የሠራችው?»
«በገዛ እጇ የሠራችው።»
ዝም አለ። ራዲያተሩ ብቻ ተንጠባጠበ።

«የዝንጅብል ኩኪስ የሚጋግሩ አሉ፣ ገበያው ጀርባ፤
እነሱ መልሰው ያቃጥሉት የለ፣ ቁጥር አይጠይቁም።
ዋጋው ግን ግማሽ ነው።»
«ገንዘቡ ለመቃብሯ ድንጋይ ነበር» አለ፣ ሲነሳ።
ካልፓኩን አጠለቀ፣ ከበሩ ደርሶ ዞረ፣
«ግማሽ ድንጋይ ይበቃታል።
አጭር ነበረች» አለኝ፤
ጢሙ ሥር የሆነ ነገር ፈገግ አለ፣ ወይም መሰለኝ።

ደንቡ ናሙናውን ስድስት ወር አቆዩ ይላል።
ማታ፣ ሁሉም ሲሄድ፣ ክዳኑን ፈትቼ
በጣቴ ጫፍ ቀመስኩት፤
ነጩ ወርቃማ ሆኗል፣ መጨረሻው ላይ
የዳቦ ቅርፊት፣ የዳቦ ቅርፊት ይላል።
ብልቃጡን ከራዲያተሩ አራቅኩና
ከመስኮቱ ጥግ፣ ከበረዶው ቅጠል ሥር አኖርኩት፤
ከዚህ በላይ እንዳይቆጥር።