የእንጉዳይ ጉዳይ

ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ጃንጥላዬን ተክዬ፣
አቤቱታ እጽፋለሁ፣ በገጽ ሃምሳ ብር ብዬ።
የድንበር፣ የውርስ፣ የፍቺ፣ የቀለብ፣
ሁሉም ከዳኛ በፊት በእኔ ዓይን ሲነበብ
ሃያ ሁለት ክረምት።

ማክሰኞ ነው መሰለኝ፣ ከማራኪ በኩል መጣች፤
ነጠላዋን ጨምቃ ከበርጩማው ተቀመጠች።
«ስም?»
«እንጉዳይ።»
«የአባት?»
«አዛናው።»
በሆዴ ፈገግ አልሁ፣ ከስሟ ጉዳይ አየሁና፤
ባለጉዳይ ተብላ ነው የተነሣች ክርስትና።

ፒያሳ፣ ከውኃ ቢሮው ግድግዳ፣ ሰኔ ላይ የተለጠፈ፦
ቆጣሪ አንባቢ፣ አራት ሰው። ደረጃ ሦስት ያለፈ።
ልምድ፦ ዜሮ ዓመት።
«ያቺን ዜሮ ሳያት» አለች፣ «እንደ ድፎ ዳቦ ታየችኝ፤
ከስንት ማስታወቂያ መሐል እሷ ብቻ ጠራችኝ።»
ተመዘገበች። ተፈተነች። ከመቶ ዐሥራ ሰባት ሰው
ሦስተኛ ናት። የሚፈለገው አራት ነው።

ከዚያ በነሐሴ፣ በዶፍ ማግስት፣
በአንድ ሌሊት በቀለ፣ እንደ ስሟ፣ አዲስ መስፈርት፦
«ዲግሪ፣ የሁለት ዓመት ልምድ። ያላሟላ ተሰርዟል።»
ሙጫው ገና አልደረቀም፤ ጥጉን ንፋስ ገልጦታል፤
በጥፍሯ ላጥ ብታደርገው፣ ከሥሩ የፊተኛው አለ፣
ማኅተሙ ለሁለት ተከፍሎ፣ ግማሽ ጨረቃ የመሰለ።

«ስድስትን ስድስት ብሎ ለማንበብ፣ ዲግሪ ነው ወይ የሚያሻው?
ይህን ጻፍልኝ» አለች፣ «ይህን ይስማው ዳኛው።»

«አልጽፍም» አልኋት። «መሥሪያ ቤት መስፈርት ያወጣል፣
ካሻው ዶክተር ይበል፣ ሕጉ ሥልጣን ሰጥቶታል።
የኛ ክርክር በምንነቱ አይደለም፤ መቼ ነው።
እህል እየተሰፈረ ቁና አይለወጥም ነው።»
መስፈርት የመስፈሪያ ልጅ ነው፤ ቅዳሜ ገበያ ይህን ያውቃል፤
ጤፍ ግማሽ ተሰፍሮ ቁናው ቢቀየር፣ ጎንደር በዱላ ይናወጣል።

አባሪ አንድ፦ ፎቶግራፍ። ጥጉ ላይ አውራ ጣቷ ገብቷል፤
ይቆረጥ ብላ ነበር፤ «ተይው» አልኋት፣ «እሱም ይመሰክራል።»

አንዱ ቀጠሮ ዳኛዋ ታመው፣ አንዱ መብራት ጠፍቶ አለፈ፤
በሦስተኛው የቢሮው ነገረ ፈጅ ከነመነጽሩ ተሰለፈ፦
«አመልካች ተወዳዳሪ እንጂ ሠራተኛ አይደለችም፤
ተስፋ ነው የነበራት፤ ተስፋ ደግሞ መብት አይሆንም።»

ተስፋ መብት አይሆንም። ይህን ዓረፍተ ነገር
ይህን ያህል ዘመን ስጽፍ፣ እንዲህ ተጣርቶ አልሰማሁም ነበር።
እውነቱን ይሆናል። የሷ ተስፋ ግን ቁጥር ነበረው፣
የወጪ ቀን ነበረው፣
ክብ ማኅተም ነበረው።

ፈረዱላት። «ለውጡ ወደ ኋላ አይሄድም፤ በፊተኛው ትመዘን።»
እልል አላለችም። እኔም ዝም።
በዐሥራ አንደኛው ቀን መጣች። ሌላ ወረቀት፣ ሙጫው እርጥብ፦
«በበጀት እጥረት የሥራ መደቡ ታጥፏል።» ፊርማ፣ የማይነበብ።

«ገባሽ?» አልኋት። ወረቀቱን ሁለቴ ገልብጣ አየች።
«ምኑም አልገባኝ» አለች።
ለዚህ ሕጉ አንድ ቃል አለው፤ ከላይ፣ መሐል ላይ ጻፍሁት፦
ይግባኝ።
ከሥሩም አሰመርሁበት።

ሦስት ገጽ። መቶ ሃምሳ። ሰጠችኝ፤ ተቀበልሁ፣ ምን ላድርግ፣
እኔም ቤት ኪራይ አለብኝ፣ ቀን ቆጥሮ የሚፈልግ።

ማታ ሳሙና በር ስገባ፣ ከግቢው በር አጠገብ
ቆጣሪው አለ፤ አምስት ወር ሆነው ሳይነበብ።
ጎንበስ ብዬ፣ በስልኬ መብራት፣ አነበብሁት፦
ዜሮ፣ ዜሮ፣ ስድስት፣ አራት፣ ስድስት።

ዲግሪ የለኝም።