በአፌ ምስማር ይዤ

ሰው ፊቱን ይዞ ያልፋል፣ እኔ የማየው እግሩን ነው፤
ወንጌላዊ ላንቃሞን በተረከዙ ነው የማውቀው።
የግራው በውጭ በኩል ከቀኙ ቀድሞ ይበላል፤
ከጉልበቱ በታች ድሮ የተሰበረ አጥንት እንዳለ
እሱ ሳይነግረኝ ጫማው ነግሮኛል።

ሀዋሳ፣ ከመናኸሪያው ጎን፣ ከአጥሩ ጥላ ሥር፣
ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ
ጎማ ስቆርጥ፣ ክር ስገምድ፣ ስቋጥር፣
እሱ በዓመት ሁለቴ፣
አንዴ ከፍቼ ጨምበላላ ማግስት፣ አንዴ ጥቅምት ሲገባ
ጫማውን አውልቆ ይሰጠኛል፤
ካርቶን ላይ በካልሲው ቆሞ፣ አውራ ጣቱ ወጥቶ፣
እንደ ተማሪ ይጠብቀኛል።

ጭቃውን በቢላ ስፍቀው ሀገሩ ይረግፋል፦
ቀዩ ከአለታ ወንዶ ነው፣ ከቡናው ጥላ፤
ጥቁሩ ከሁላ ደጋ፣ ከቀርከሃው ኋላ፤
አመድ የመሰለው ደቃቅ፣ ያ እንኳ ከቆላ፣
ከሎካ አባያ ነው፤ እሾኹም አብሮት ይመጣል፤
በወረንጦ ሳወጣው እሱ ይስቃል።

ሰው የሚለውን ሰምቻለሁ፦
ጊዳቦ ሞልቶ ሦስት ቀን ማዶ ቆሞ እንደጠበቀ፣
በንሳ ላይ ውሻ ለቀውበት ሱሪው እንደተቦጨቀ፣
ያንኑ ሱሪ የባለ ውሻው ሚስት እንደጣፈችለት፣
መጽሐፍ ቅዱሱን በፌስታል ጠቅልሎ
ዝናቡን ራሱ እንደጠጣለት።

አንዴ ጠየቅኩት፣ ምስማሮቼን በከንፈሬ ጥግ እንደያዝኩ፦
«ሚኒባስ ሞልቶ፣ አይሱዙ ሞልቶ፣
ሰው እንዴት በእግሩ ይሄዳል፣ ጉልበቱን ጠልቶ?»
«መኪና ውስጥ የተቀመጠ» አለኝ «መድረሻውን ያስባል፤
በእግሩ የሚሄድ ግን
ከማን ጣሪያ ጭስ እንዳልወጣ በጠዋት ያያል።»

ቅር የሚለኝ ነገር ነበር፤ ልደብቅ አልፈልግም።
ለወያላው ይመሰክራል፣ ለሎተሪ አዟሪው፣
ጫት ለምትሸጠው ሴትዮ፣
ከአሞራ ገደል ዓሣ ጭኖ ለሚመጣው፤
እኔን ግን «ኦይቻ፣ ነፍስህስ?» ብሎኝ አያውቅም።
ነፍሴን ሶሏ ያለቀ፣ ክር የማይዝ ጫማ አድርጎ
ቆጥሯት ይሆን? እላለሁ።
እናደዳለሁ። ደግሞ
ሲመጣ ደስ ይለኛል።

ዘንድሮ ዘገየ። ጥቅምት አለፈ፣ ኅዳር ተጋመሰ፤
አንድ ረፋድ ከባጃጅ ወርዶ
ጭኑን በእጁ እየደገፈ እኔ ጋ ደረሰ።
ጫማውን ተቀበልኩ። ገለበጥኩ። እንደገና ገለበጥኩ።
ባለፈው የመታሁት ተረከዝ
የምስማሩ ራስ እንኳ አልተነካም፤ ያብረቀርቃል።
«አልሄድክም እንዴ?»
ወደ ሐይቁ በኩል ዞረ። ሐይቁ ከዚያ አይታይም፣
የሚታየው ፎቅ ነው።
«ጉልበቴ» አለ «ቀድሞኝ ጡረታ ወጣ።»

ያኔ ነው ያፈነዳሁት፦
«ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ! ለእኔ አንዲት ቃል?»
«አፍህ ውስጥ ምስማር ነበረ፣ ኦይቻ። ሁልጊዜ።
አሜን ስትል ትውጠዋለህ ብዬ ፈራሁልህ።»

ሳቅኩ። ከዚያ ምስማሮቹን መዳፌ ላይ ተፋሁ፤ ሰባት ነበሩ።
ጠበቅኩ።
አንድ አባ ኮዳ ከቆሻሻው ገንዳ ጎን
እንደ ዳኛ ቆሞ ያየን ነበር።

አልሰበከም።
«በቀደም» አለኝ «ልጄ በባጃጅ
በአላሙራ ሥር ሲያሳልፈኝ ቤትህን አየሁት። በጠዋት።
ጭስ አልነበረውም።»

ለማንም አልነገርኩም ነበር።
ሚስቴ ከሐምሌ ጀምሮ ሶዶ፣ እናቷ ዘንድ ናት፤
ምድጃው ላይ ድመት ትተኛለች።

ስንት ነው ሲለኝ ዋጋ አልጠራሁም።
ቀኙን እንዳለ ተውኩት፤ በግራው ተረከዝ ላይ ግን
ያልጠየቀኝን ወፍራም የጎማ ቁራጭ ቸነከርኩ፤
የአላሙራ መንገድ ዳገት ነው።