እያነሰ የሄደ ስም

ዝናቡ ሦስት ቀን ሙሉ አላባራም ነበር።
በቺሎዌ ደሴት፣ ከወደቡ ዳር፣
በእንጨት እግር የቆሙ ቤቶች፣ ከሥራቸው
ውኃ ይገባል፣ ይወጣል፣ ሳይጠይቃቸው።

እኔ ከሳንቲያጎ የመጣሁ ለጋ ሐኪም፣
ጋዋኔ ገና ከእጥፋቱ አልተላቀቀም።
«ቀጣይ!» አልኩ። ገባ ኤቫሪስቶ ናዌልኪን፣
ባርኔጣውን ጨብጦ፣ ሰበር አድርጎ ዓይኑን።
አርባ ዓመት የጀልባ ገመድ ሲያስር የኖረ፣
«ትከሻዬን፣ ዶክተር፤ ቀኙን» ብሎ ጀመረ።

ነካሁት። አጠፍኩት። ወደ ላይ አነሣሁ።
«ሥራ ነው» አልኩትና ቅባት አዘዝሁ።
በወሩ ተመለሰ፤ ክኒን ጨመርኩበት።
ሲደግም ራጅ ላክሁት። አጥንቱ ንጹሕ ነው፤
«እንኳን ደስ ያለዎት!» አልኩ። ዝም አለ ሰውዬው።

በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት የለውም
ይባላል። እሱ ግን አንዳች አልሸሸገም፤
ሰውነቱ ሁሉ አደባባይ ወጥቶ
ሲናገር ነበረ፣ የሚሰማው አጥቶ፤
እኔ ነኝ ጆሮዬን በማዳመጫ ደፍኜ
የተቀመጥኩት፣ ወረቀት አምኜ።

ኦቲሊያ ቺግዋይ፣ ነርሷ፣ ጉልበቷን የሚያማት፣
ለጡረታ አንድ ሐሙስ የቀራት፣
ከመስኮቱ ጠራችኝ፦ «ና እስቲ፣ ቶሎ ና፤
ኮምፒዩተሩን ተወው፤ ወደ ታች እይና
ንገረኝ፣ ማን ነው ያ በድልድዩ የሚመጣው?»
«ኤቫሪስቶ።» «አውቃለሁ። እጁንስ ምን ነካው?»

አየሁ። ግራው ይሄዳል፣ ይመለሳል፣ እንደ እጅ፤
ቀኙ ከጎኑ ቆሟል፣ እንደተቆጡት ልጅ።

«ሌላስ?» አለች። «ሌላ አላየሁም።» «ቁጠር፤
ለመዞር ስንት እርምጃ ፈጀ?»
ስድስት ነበር።
እንደ ጭነት መርከብ ሙሉ ገላው ዞረ፤
አንገቱ ለብቻው መዞር ከተወ ቆይቶ ነበረ።

ከዚያ መዝገቡን አመጣች፣ ሽፋኑ የለቀቀ፣
ጠርዙ በባሕር እርጥበት የላሸቀ።
ጣቷ ከገጽ ገጽ ሄደ። የዛሬ ሦስት ዓመት
ስሙ ሁለት መስመር ሞልቶ ተንሰራፍቶበት፤
አምና ከአንድ መስመር ልክ አልፎ አልወጣ፤
በጥር ኩርምት አለ፤ በሚያዝያ ሲመጣ
የጉንዳን ሰልፍ ነው፤
ሰኔ ላይ
ነጥብ፣
ነጥብ፣
ከቀዳዳ ኪስ የፈሰሰ አሸዋ።

«ሰው ከገዛ ስሙ» አለች «እንዲህ ነው የሚወጣ።»

ገባ። ትከሻውን ትቼ አፍንጫውን ጠየቅሁ፦
«ሚስትዎ በጭስ የሚያደርቁት ዓሣ ይሸትዎታል?»
ፈገግ አለ፤ ፈገግታው ግን ከዓይኑ ሳይደርስ ቀረ።
«ሁለት ዓመት ሆነኝ ከተወኝ። እሷማ ተቀይማለች፣
ሙያዋን የናቅሁ መስሏት።»
«ሌሊትስ?»
«እታገላለሁ አሉ። ባለፈው መብራቱን በቡጢ ሰበርሁ፤
በሕልሜ ማዕበል ነው፣ ገመድ እየሳብሁ።»
«ይህን ሁሉ ለምን አልነገሩኝም?»
«አልጠየቁኝማ፤
አፍንጫና ትከሻ ምን አገናኛቸው?»

ክንዱን ይዤ ዘረጋሁ። እንደ ዛገ ማርሽ
ቆም አለ፣ ለቀቀ፤ ቆም አለ፣ ለቀቀ።
የበሽታውን ስም ነገርኩት፣ ፓርኪንሰን።
ወለሉን አየ። ከባርኔጣው ውኃ ይንጠባጠባል።
«ገመድ ማሰር» አለ «እስከ መቼ እችላለሁ?»

ለዚህ መልስ የሚሰጥ ገጽ በመጽሐፌ የለም።
ኦቲሊያ ከኪሷ የሹራብ ክር አወጣች፤
«እስቲ እሰርልኝ» አለች።
ረጅም ጊዜ ፈጀ። አንዴ ክሩ አመለጠው፤
አንስቼ ላቀብለው ስል በዓይኗ ገሠጸችኝ።
አሰረው። ጎተትኩት። አልተፈታም።

ለመሄድ ሲነሣ መዝገቡን አዞርኩለት፤
«በትልቁ ይጻፉት፣ ቦታ አለ» አልኩት።
«ኤ»ን እንደ ምሰሶ ተከለ፤ «ቫ»ን ዘረጋ፤
ከ«ሪ» በኋላ ቁልቁለቱ ጀመረ።
እኔም ዓይኔን ሳልነቅል
እስከ መጨረሻዋ ነጥብ አብሬው ወረድሁ።