ያረፈደ ሰዓት መዝገብ ቤት

ከጣቢያው ጀርባ፥ ከከዚራ ጥላ ሥር፣
ሮብሌ አለ ቁጭ ብሎ፥ ደቂቃ ሲቆጥር።
ባቡር ያዘገየው፥ ያ ሁሉ ሰዓት
የትም አልጠፋማ፤ አለ መዝገብ ቤት፤
በመሳቢያ፥ በካርቶን፥ በሲባጎ ታስሮ፣
ገሚሱ በፈረንሳይ አፍ፥ ገሚሱ በግምት ተቆጥሮ።
አንዷን ማክሰኞማ፥ አይጥ ቀረጣጥፏት
ድሬ ሙሉ ቢጠየቅ፥ አስታዋሽ የላት።

ትናንት ዴቃ መጣች፥ ሎሚ ሻጯ፥ ከመጋላ፣
ዘንቢሏን በሩ ላይ ጥላ።
«አሥራ አንድ ደቂቃ አውሰኝ፤
ያቺን፥ የጅቡቲው ባቡር አልነሳ ብሎ
ባሌ በመስኮቱ እጄን ይዞ የቆየባትን።»

ሕጉ ግድግዳው ላይ፥ በደማቁ ተጽፏል፦
«የተዋሰ ሰው፥ ከዕድሜው ይከፍላል።»
ሮብሌ አነበበው። ሎሚዎቿን አየ።
በራሱ ስም ፈረመ፤
ቀለሙ ሳይደርቅ የጢሙ ግማሽ ነጣ።
ዴቃ አግዳሚው ላይ፥ እጇን ለባዶ አየር ሰጥታ
እንደ ኮረዳ ሳቀች።

ሲመሽ ቆለፈ።
ታችኛው መደርደሪያ ላይ፣
ስሙን ከዝናብ ያወጣችለትን እናቱን
ደቻቱ የወሰደባት ሌሊት አለች፤
ስንት በጋ አልፏት፥ ዶሴዋ ዛሬም ያንጠባጥባል።
ከፍቶት አያውቅም።
ጣሳ አኑሮለታል ከሥሩ፤
ጠብ...
ጠብ...
በዚያ ቤት የሚሠራ ሰዓት፥ እሱ ብቻ ነው።